ከባድ ኢንዱስትሪ ላይ ክህሎት ማሳደግና ሙያ መቀየር፦ ከኮምቦልቻና ከደሴ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ክህሎት ማሳደግና ሙያ መቀየር አንድ አይደሉም እንዴ?

አይደሉም። የሚስማር ማሽን ኦፕሬተር ዳይ (ቅርጽ ማውጫ) መቀየርና የሽቦ መመገቢያውን ማስተካከል ቢማር ክህሎቱ አደገ። ያው ሰው ወደ ኤሌክትሪክ ጥገና ቢዛወር ሙያ ቀየረ። የመጀመሪያው በሳምንታት ያልቃል፣ ሁለተኛው ወራት ይፈልጋል። ዕቅድ ሲወጣ ሁለቱን በአንድ መስመር መጻፍ የተለመደ ስህተት ነው፤ ከዚያ «ሠልጥኖ መጣ፣ ምንም አልቻለም» ይባላል።

ፋብሪካችን ውስጥ ከማን እንጀምር?

ከሰው ሳይሆን ከማሽን መቆሚያ መዝገብ ጀምሩ። ያለፉትን ሦስት ወራት የፈረቃ መዝገብ አውጡና ለእያንዳንዱ መቆም አራት ነገር ጻፉ፦ የትኛው ማሽን፣ ስንት ደቂቃ፣ በምን ምክንያት፣ ማን አስነሳው። መጨረሻው ላይ ያለውን ዓምድ በደንብ እዩት። አንድ ስም ብቻ እየተደጋገመ ከሆነ ፋብሪካው በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ቆሟል ማለት ነው። ያ ሰው ለሠርግ ወረኢሉ የሄደ ዕለት ማሽኑም አብሮት ይሄዳል።

ቀጥሎ የክህሎት ሠንጠረዥ ይሠራል። ወደ ታች የሠራተኞች ስም፣ ወደ ጎን ሥራዎች። ሥራው «ማሽን ማንቀሳቀስ» ተብሎ አይጻፍ፤ «ዳይ መቀየር»፣ «ቺንጋ (ቀበቶ) ማጥበቅ»፣ «የሞተር ኩሽኔታ (ቤሪንግ) መቀየር» ተብሎ ይዘርዘር። ነጥቡ ከ0 እስከ 4 ነው፦ 0 አያውቀውም፣ 1 አይቷል፣ 2 ሰው ቆሞለት ይሠራል፣ 3 ብቻውን ይሠራል፣ 4 ያስተምራል። በሦስት ፈረቃ የሚሠራ ፋብሪካ ለእያንዳንዱ ወሳኝ ሥራ 3 እና ከዚያ በላይ ያላቸው ቢያንስ አራት ሰዎች ያስፈልጉታል፤ ለየፈረቃው አንድ፣ አራተኛው ለዕረፍትና ለሕመም።

ሠንጠረዡን የሚያበላሸው ይሉኝታ ነው። ፎርማኑ አብሮት ቡና የሚጠጣውን ሰው 1 ብሎ መጻፍ ይከብደዋልና ሁሉም 3 ሆኖ ይመለሳል። ስለዚህ ነጥብ የሚሰጠው የሌላ ክፍል ፎርማን ይሁን። ሥራው ሲሠራ ቆሞ አይቶ፣ ቀኑን ጽፎ፣ ይፈርም። ያላየውን ሥራ ባዶ ይተወው።

ጎበዙን ባለሙያ አሠልጣኝ ብናደርገውስ?

ብዙ ጊዜ አይሆንም። ሃያ ዓመት የሠራ ሰው እጁ የሚያውቀውን አፉ አይናገረውም። «እንዲህ ነው» ይልና በአሥር ሰከንድ ይጨርሰዋል፤ ሠልጣኙም በይሉኝታ «ገባኝ» ይላል።

መፍትሔው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ አሜሪካ ውስጥ ለፋብሪካዎች የተዘጋጀውና ዛሬም የሚሠራው ባለ አራት እርምጃ ዘዴ ነው፦ ሠልጣኙን አዘጋጅ፣ አሳየው፣ አሠራው፣ ተከታተለው። ጉልበቱ ያለው ግን ከዚያ በፊት በሚጻፈው ወረቀት ላይ ነው። አሠልጣኙ ሥራውን በሦስት ዓምድ ይከፍለዋል፦ ምን ይሠራል፣ ቁልፍ ነጥቡ ምንድን ነው፣ ለምን።

የግራይንደር ዲስክ መቀየርን እንውሰድ። እርምጃው «ዲስኩን ግጠም» ነው። ቁልፍ ነጥቡ «ዲስኩ ላይ የተጻፈው ፍጥነት ከማሽኑ ፍጥነት ማነስ የለበትም» ነው። ምክንያቱ ይሄ ነው፦ የ125 ሚሊ ሜትር ግራይንደር በደቂቃ 11,000 ያህል ይዞራል፤ የ230 ሚሊ ሜትር ዲስክ የሚፈቀድለት ግን 6,600 ገደማ ነው። መከለያውን አውልቆ ትልቁን ዲስክ በትንሹ ማሽን ላይ የሚገጥም ሰው በየጋራዡ አይጠፋም፤ ዲስኩ የሚፈነዳው ፊቱ ላይ ነው። አዲስ ዲስክ ሲገጠም ደግሞ ወደ ጎን ቆሞ አንድ ደቂቃ ያህል ያለ ሥራ ማዞር ነው። ምክንያቱ ያልተነገረው ሠልጣኝ መከለያውን በሦስተኛው ቀን ያወልቀዋል።

ሠልጣኙ ሲሞክር ዝም ብሎ አይሥራ፤ ምን እያደረገ እንደሆነና ለምን እንደሚያደርግ እየተናገረ ይሥራ። መናገር ካቃተው አልገባውም። ለብየዳ አንድ አሠልጣኝ ከአራት ሰው፣ ለኤሌክትሪክ ከሁለት ሰው በላይ ባይዝ ይመረጣል።

የበርና መስኮት በያጅ ነኝ። የፋብሪካ ስትራክቸር (የብረት ምሰሶና ወራጅ) ለመበየድ ምን ይጎድለኛል?

አብሽር፣ እጁ አለህ። የሚጎድልህ ወፍራም ብረት፣ ቆሞና ተንጋሎ መበየድ፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ 7018 የሚባለው ኤሌክትሮድ ነው።

በር ላይ የምትሠራው 1.5 ወይም 2 ሚሊ ሜትር ቱቦ በ6013 ኤሌክትሮድ ነው። 6013 ቻይ ነው፤ በኤሲም (በተለዋዋጭ ጅረት) ይሠራል፣ ጠፍቶም በቀላሉ ይነሳል። ስትራክቸር ላይ ግን ብረቱ 8፣ 10፣ 12 ሚሊ ሜትር ነው፤ ኤሌክትሮዱም 3.2 ወይም 4 ሚሊ ሜትር 7018። ይኸኛው በዲሲ (በቀጥታ ጅረት)፣ ኤሌክትሮዱ ፖዘቲቭ ላይ ታስሮ ይሠራል። ሰፈር ውስጥ በተጠቀለለ ትራንስፎርመር አትልመድበት፤ የመነሻ ቮልቴጁ ስለሚያንስ አርኩ (የብየዳው ብልጭታ) ይሞታል፣ ኤሌክትሮዱ ይጣበቃል፣ አንተም «እጄ ነው» ብለህ ተስፋ ትቆርጣለህ።

ለ3.2 ሚሊ ሜትር ጠረጴዛ ላይ ከ110 አምፒር ጀምር፤ ከ100 እስከ 140 ባለው ውስጥ ታገኘዋለህ። ከታች ወደ ላይ ስትበይድ ከ10 እስከ 15 በመቶ ቀንስ። አርኩን አሳጥር፤ ከኤሌክትሮዱ ውፍረት ከራቀ አየር ይገባና ብየዳው ውስጥ ቀዳዳ ይሞላል። አርክ ስትጭር ከመነሻው ትንሽ ቀድመህ ጭረህ ወደ ኋላ ተመለስና በላዩ እለፍበት፤ መነሻው ላይ የሚቀረው ቀዳዳ በዚህ ይጠፋል። 7018 ሲቀዘቅዝ ጫፉ መስታወት የመሰለ ነገር ስለሚለብስ ሁለተኛ ጊዜ በቀላሉ አይነሳም፤ እሱን ሰበር አድርገህ ጭር፣ ሽፋኑን ግን አታርግፈው።

ብዙ ሰው የሚሸነፈው እርጥበት ላይ ነው። ፓኬቱ ከተከፈተ በኋላ ኤሌክትሮዱ ከ120 ዲግሪ በማያንስ ማቆያ ምድጃ ውስጥ መቀመጥ አለበት። ውጭ ከአራት ሰዓት በላይ ከቆየ ከ260 እስከ 430 ዲግሪ ባለው ሙቀት ለሁለት ሰዓት እንደገና ይጋገራል። በሐምሌና በነሐሴ ኮምቦልቻ ላይ፣ ደሴማ ጭጋጉ ሲወርድ፣ ይህ ቸል አይባልም። የእንጀራ ምጣድ ላይ ዘርግቶ ማሞቅ መጋገር አይደለም፤ ሙቀቱ እኩል አይደርስም፣ ስንት እንደሆነም አይታወቅም። እርጥበቱ ሃይድሮጂን ይሆንና ብረቱ ውስጥ ይገባል፤ ዛሬ አምሮ ያደረ ብየዳ ከአንድ ወይም ከሁለት ቀን በኋላ ይሰነጠቃል።

በቀን አራት ሰዓት የሚለማመድ ልምድ ያለው በያጅ ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ቢመደብለት ይበቃዋል፤ ጠረጴዛ ላይ፣ በአግድም፣ ከታች ወደ ላይ፣ በመጨረሻ ከራስ በላይ። ሙሉ ቀን የሚለማመድ ሰው በቀን ከ2 እስከ 3 ኪሎ ኤሌክትሮድ ይጨርሳል፤ አንድ ኪሎ 3.2 ሚሊ ሜትር ከ25 እስከ 30 ዘንግ ነው። ላሜራው ደግሞ አይጣልም፤ የተበየደው ተቆርጦ ጠርዙ እንደገና ይሞረዳል።

ፈተናው በዓይን ብቻ አይሁን። ሁለት የ10 ሚሊ ሜትር ላሜራ ጠርዞች እያንዳንዳቸው በ30 ዲግሪ ተሞርደው፣ 3 ሚሊ ሜትር ያህል ክፍተት ተትቶ ይበየዳሉ። ከዚያ 40 ሚሊ ሜትር ገደማ ስፋት ያላቸው ቁራጮች ወጥተው በፕሬስ 180 ዲግሪ ይታጠፋሉ፤ አንዱ ሥሩ ወደ ውጭ፣ አንዱ ፊቱ ወደ ውጭ። ከ3 ሚሊ ሜትር የበለጠ ስንጥቅ ከወጣ ወድቋል። ፕሬስ ከሌለ ብየዳውን ከሁለቱም ጎን በመጋዝ ትንሽ ቆርጦ በመዶሻ ሰብሮ ውስጡን ማየት ነው። የተሰበረው ፊት አይዋሽም።

የፋብሪካ ኤሌክትሪሻን ነኝ። ፒኤልሲ (ማሽን የሚያዝ ኮምፒውተር) ለመማር ከፕሮግራሙ ልጀምር?

ፕሮግራሙን መጨረሻ ላይ አድርገው። አብዛኛው ብልሽት ያለው ሴንሰሩ፣ ገመዱና የኃይል አቅርቦቱ ላይ ነው፤ ላፕቶፕ ይዞ የሚመጣ ሰው ግን ሁልጊዜ ፕሮግራሙን ይጠረጥራል። ቅደም ተከተሉ ድሮዊንግ (የሽቦ ንድፍ) ማንበብ፣ የ24 ቮልት ዲሲ ወረዳ፣ ሴንሰር፣ ኢንቨርተር (የሞተር ፍጥነት መቆጣጠሪያ)፣ ከዚያ ፕሮግራም ይሁን።

መጀመሪያ የሚለመደው መብራት ማንበብ ነው። የሴንሰሩ መብራት በርቶ የፒኤልሲው የግቤት መብራት ካልበራ ችግሩ ገመዱ ወይም ኮመኑ (የጋራ መመለሻ ሽቦው) ላይ ነው። ግቤቱ በርቶ ውጤቱ ካልበራ ሌላ ያልተሟላ ሁኔታ አለ፤ ፕሮግራሙ የሚታየው ያኔ ነው። የውጤቱ መብራት በርቶ ኮንታክተሩ (ሞተሩን የሚያበራው ትልቅ ማብሪያ) ካልሳበ ፊውዙን፣ ሪሌውንና ኮይሉን ፈትሽ። አዲስ ሴንሰር ስትገዛ አሮጌው ፒኤንፒ ይሁን ኤንፒኤን አረጋግጥ፤ ፒኤንፒ ፕላስ ይልካል፣ ኤንፒኤን ወደ ዜሮ ይስባል። ከተቀያየሩ ሴንሰሩ ላይ መብራቱ ይበራል፣ ማሽኑ ግን አያየውም።

ሁለት ነገር በደንብ መቻልህ እስኪታመን ድረስ ኢንቨርተር ብቻህን አትነካም። አንደኛው ብሬከሩ ከወረደ በኋላ የሚቀረው ቮልቴጅ ነው። 380 ቮልት ሲቃና 537 ቮልት ያህል ዲሲ ይሆንና ካፓሲተሩ ውስጥ ይቀራል። ክዳኑ ላይ የተጻፈውን ደቂቃ ጠብቅ፣ ከዚያም በቴስተር ዲሲ ላይ አድርገህ ፕላስና ማይነሱን ለካ። መጠበቅ ብቻ አይበቃም። ሁለተኛው ሜገር (የሽቦ ሽፋን መፈተሻ) ነው። ሞተሩን በ500 ቮልት ሜገር ከመለካትህ በፊት ገመዱን ከኢንቨርተሩ ፍታ፤ አለዚያ የምታቃጥለው ኢንቨርተሩን ነው።

ለአካባቢያችን ደግሞ አንድ የሚረሳ ነገር አለ። ሞተርና ኢንቨርተር አብዛኛውን ጊዜ የሚሠሩት እስከ 1,000 ሜትር ከፍታ ታስቦ ነው። ኮምቦልቻ ከ1,800 ሜትር በላይ፣ ደሴ 2,500 ሜትር ገደማ ናቸው። አየሩ ስለሚሳሳ በደንብ አያቀዘቅዝም። ለኢንቨርተር በየ100 ሜትሩ 1 በመቶ ያህል አቅም ይቀነሳል፤ ኮምቦልቻ 8፣ ደሴ 15 በመቶ አካባቢ መሆኑ ነው። ከሞተሩ ጋር እኩል የሆነ ኢንቨርተር ገዝቶ «በሙቀት እየቆመብኝ ነው» የሚል ሰው ከሻጩ በፊት ይህን ይጠይቅ።

ለልምምድ ሙሉ ላብራቶሪ አያስፈልግም። አንድ ትንሽ ፒኤልሲ፣ የ24 ቮልት ፓወር ሳፕላይ፣ አራት ቁልፍ፣ አንድ ፒኤንፒና አንድ ኤንፒኤን ሴንሰር፣ ሁለት ሪሌ፣ አንድ ኮንታክተር፣ የ0.75 ኪሎዋት ሞተር ከኢንቨርተሩ ጋር በአንድ ጣውላ ላይ ይታሰራሉ። አሠልጣኙ ከበስተኋላ አንድ ሽቦ ይፈታል፣ ሠልጣኙ ያገኛል። እውነተኛ ማሽን ላይ ከመሄዱ በፊት ደግሞ የፕሮግራሙ ቅጂ ይወሰድ፤ አሮጌ ሞዴሎች ባትሪያቸው ሲያልቅ ፕሮግራሙንም ይዘው ይጠፋሉ።

መካኒኮቻችን ኩሽኔታ ሲቀይሩ በወሩ ይጮኻል። ዕቃው ነው ሰዉ?

ዕቃውም ሊሆን ይችላል፤ ከዚያ በፊት ግን መዶሻው የት እንደሚያርፍ እዩ። ዘንጉ ላይ ጠብቆ የሚገባ ኩሽኔታ የሚገፋው በውስጠኛው ቀለበት ነው። ውጨኛውን ከመታችሁ ኃይሉ በኳሶቹ በኩል ያልፍና ቀለበቱ ላይ ጠባሳ ይተዋል። ዛሬ አይታይም፤ በሳምንታት ውስጥ ይጮኻል። ልኩ የሆነ ቱቦ አበጁለት፣ ወይም እስከ 110 ዲግሪ አሙቁት። ከ120 ማለፍ የለበትም፣ የጋዝ እሳትም አይነካው።

ግራሶም በዛ ማለት ተሻለ ማለት አይደለም። ከባዶው ቦታ ከሲሶ እስከ ግማሽ ይበቃል፤ ሲሞላ ራሱን አሙቆ ይቀልጣል። ቁጥሩን ማንበብም ይማሩ፦ 6205 ላይ መጨረሻው 05 ሲሆን በ5 ሲባዛ የውስጥ ቀዳዳው 25 ሚሊ ሜትር ነው። ከ04 ጀምሮ እንዲህ ይሠራል።

ከሁሉም በፊት የሚሰጠው የትኛው ሥልጠና ነው?

መቆለፍ። አንድ ሰው፣ አንድ ቁልፍ (ጓጉንቸር)፣ አንድ መክፈቻ። ማሽኑን አቁም፣ ብሬከሩን አውርድ፣ ቁልፍህን እሰር፣ ስምህን የያዘ ካርድ አንጠልጥል፣ የተከማቸውን ኃይል ልቀቅ (የሃይድሮሊክ ግፊት፣ የተወጠረ ስፕሪንግ፣ ክሬን ላይ የተንጠለጠለ ክብደት)፣ ከዚያ ማስነሻውን ተጭነህ እንደማይነሳ አረጋግጥ። ሦስት ሰው የሚጠግን ከሆነ ሦስት ቁልፍ ይታሰራል። «እኔ እጠብቅልሃለሁ» የሚል ሰው ቁልፍ አይደለም፤ ስልክ ሲደወልለት ዞር ይላል። ይህን ያላለፈ ሠልጣኝ ወደ ሌላው አይሸጋገር።

ከልብስ ስፌት ወደ ብረት ፋብሪካ መግባት ይቻላል?

ይቻላል፤ ጥያቄውም ብዙ ነው። የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2009 ዓ.ም. ሐምሌ ሲመረቅ ብዙ ወጣት ሴቶች ወደ ስፌት ተስበው ነበር። ኢትዮጵያ ከአጎዋ (ያለ ቀረጥ ወደ አሜሪካ ለመላክ ከሚያስችለው ዕድል) ከወጣች በኋላ፣ ማለትም ከ2014 ዓ.ም. ታኅሣሥ መጨረሻ ወዲህ፣ ሌላ ሙያ ማሰብ ግድ የሆነባቸው አሉ።

የስፌት ኦፕሬተር ባዶ እጇን አትመጣም። በሰዓት መሥራት ለምዳለች፣ ጉድለት ታያለች፣ ተመሳሳይ ሥራ ሺህ ጊዜ ሳታበላሽ ትሠራለች። ስለዚህ ቀጥታ ወደ ብየዳ ከመላክ በጥራት ቁጥጥር ወይም በማሽን ኦፕሬተርነት መጀመር ያዋጣል። የመጀመሪያው ትምህርት ካሊፐር (ውፍረት መለኪያ) ማንበብ ነው፦ አሥር ቁራጭ ለሁለት ሰው ተሰጥቶ ለየብቻ ይለካሉ፣ ቁጥሩ ይነጻጸራል። ልዩነቱ ከመሣሪያው ትንሹ ንባብ፣ ብዙ ጊዜ 0.05 ወይም 0.02 ሚሊ ሜትር፣ ብዙ ከራቀ አያያዙ ይታረማል።

የሚያሰናክላቸው ሥራው ሳይሆን አቅርቦቱ ነው። ጫማ ከ41 እስከ 44 ብቻ ይታዘዝና 37 የምትለብሰው ካልሲ ደርባ ትሄዳለች። ሻሽና ሂጃብ ችግር የላቸውም፤ ጫፉ ከጋዋኑ ሥር ይግባ፣ የሚንጠለጠል ነገር አይኑር። በሚዞር ማሽን ላይ ጓንት ለማንም አይፈቀድም።

ማንዋሉ ቻይንኛና እንግሊዝኛ ነው። ምን ይሻላል?

ሙሉውን ማስተርጎም ገንዘብ መጨረስ ነው። በብዛት ለሚነሱት ብልሽቶች ለየአንዳንዱ አንድ ገጽ ይዘጋጅ፦ ፎቶ፣ የስህተት ቁጥሩ፣ የሚፈተሹ ነገሮች በቅደም ተከተል፣ መቼ ሰው እንደሚጠራ። ወርክሾፕ ውስጥ በሚባለው ስም ይጻፍ። ቡሎን፣ ዳዶ፣ ካቻቪቴ፣ ሞርሳ የሚለውን ሰው «የማጣበቂያ ጥምዝ» ብሎ ማደናገር ምን ይጠቅማል? ከከሚሴ በኩል የመጡ ሠራተኞች ካሉ ገጹ በአፋን ኦሮሞም ይውጣ።

በልምድ የምሠራ ነኝ፤ የትምህርት ወረቀት የለኝም። ሲኦሲ (የሙያ ብቃት ማረጋገጫ) መፈተን እችላለሁ?

ትችላለህ። የብቃት ምዘናው የሚጠይቀው የት እንደተማርክ ሳይሆን መቻልህን ነው። የጽሑፍና የተግባር ክፍል አለው። ልምድ ያላቸው ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ ተግባሩን አልፈው ጽሑፉ ላይ ይንገዳገዳሉ፤ ቃላቱ እንግሊዝኛ ስለሆኑባቸው ነው። የሙያ ደረጃውን ሰነድ ከምዘና ማዕከሉ ወይም ከቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ ወስደህ ስያሜዎቹን ብቻ ሁለት ሳምንት አጥና። ፋብሪካዎች ደግሞ ኮሌጆች በትብብር ሥልጠና የሚልኳቸውን ልጆች መጥረጊያ ከማስያዝ ይልቅ በክህሎት ሠንጠረዡ ላይ ስማቸውን ያስገቡ።

የሥልጠና ሰዓት ይከፈላል?

አሠሪው ያዘዘው ሥልጠና ከሆነ ሠራተኛው ለሥራ ራሱን ያቀረበበት ጊዜ ነው፤ የሥራ ሰዓት ነው። ከመደበኛው 8 ሰዓት ሲያልፍ በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ከንጋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት ባለው በ1.5፣ ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 ባለው በ1.75፣ በሳምንት ዕረፍት ቀን በ2፣ በሕዝብ በዓል በ2.5 ይባዛል። ለሠራተኛውም ሌላ ጥቅም አለው፦ ያው አዋጅ የሠራተኛ ቅነሳ ሲመጣ ክህሎትና የተሻለ ምርታማነት ላላቸው የመቆየት ቅድሚያ ይሰጣል። በሠንጠረዡ ላይ ያለህ ፊርማ ያን ቀን ማስረጃ ነው፤ ቅጂውን ያዝ።

አሠልጥነን ጥሎን ቢሄድስ?

አንዳንዱ ይሄዳል። ግን ሒሳቡን ሥሩት። በወር 6,000 ብር የሚከፈለው ሰው በ26 ቀን፣ በቀን 8 ሰዓት 208 ሰዓት ይሠራል፤ ሰዓቱ 29 ብር አይሞላም። የ40 ሰዓት ሥልጠና የደመወዝ ወጪው 1,154 ብር ገደማ ነው። ይህን ማሽኑ አንድ ፈረቃ ሲቆም ከምታጡት ጋር አስተያዩት። የግዴታ ውል ብቻውን በያጅ አያቆይም። በክህሎት ሠንጠረዡ ከ2 ወደ 3 ሲያድግ ደመወዙ ላይ የሚታይ ጭማሪ ካለ ይቆያል፤ ከሌለ ግን ለጎረቤት ፋብሪካ ያሠለጠናችሁለት ሰው ነው።

በረመዳንና በጾም ጊዜ ሥልጠና ይቋረጥ?

አይቋረጥ፤ ሰዓቱ ይቀየር። ሙቀት ያለበት ሥራ፣ ምድጃና ብየዳ፣ ከጠዋቱ 2 እስከ 5 ሰዓት ይሁን፤ ከሰዓት በኋላ ድሮዊንግ ንባብና የጽሑፍ ሥራ። የማታ ፈረቃ ሠልጣኞች ከአፍጥር በኋላ ቢጀምሩ ይሻላል። ዓርብ የጁምዓ ሰዓት ላይ ፈተና አታድርጉ።

ለባቡሩ ሥራ ከአሁኑ ልማር?

የአዋሽ–ኮምቦልቻ–ሀራ ገበያ መስመር 392 ኪሎ ሜትር ነው፤ በ25 ኪሎ ቮልት እንዲሠራ የታሰበ። ለእሱ ብለህ ልዩ ኮርስ ከመጠበቅ በየትኛውም ፋብሪካ የሚሠራልህን ተማር፦ ኢንቨርተር፣ ድሮዊንግ፣ መቆለፍ።

ሥልጠናው መሥራቱን በምን እናውቃለን?

በሥልጠናው ማግስት በሚሞላ ቅጽ አይታወቅም፤ ምሳው ጥሩ ከነበረ ሁሉም «በጣም ጥሩ» ይላል። ወደዚያው የመቆሚያ መዝገብ ተመለሱ። ያው ብልሽት በፊት በስንት ደቂቃ ይነሳ ነበር፣ አሁንስ? የሚያስነሱት ስሞች ከአንድ ወደ ስንት በዙ? እንደገና የተበየደ ሥራ ስንት ነው? ከ90 ቀን በኋላ ደግሞ ያው ሰው ያንኑ ሥራ ያለ ማስጠንቀቂያ ይሥራና ይታይ። በመሐል ያልነካው ከሆነ 3 የነበረው ወደ 2 ወርዶ ይገኛል፤ ሠንጠረዡ ላይ ይስተካከልና አንድ ፈረቃ ሰው ይቁምለት።